ከመሪ ተዋናዩ ጎን የቆመውን ሰው የሚፈልግ ፊልም ቤት፣ ጅማ

ጅማ ውስጥ ፍላሽ ላይ ፊልም የሚጭን ቤት ለማግኘት ብዙ መዞር አያስፈልግም። አጂፕ አለ፣ መርካቶ አለ፣ ዩኒቨርሲቲው አካባቢም ተደርድሯል። ሁሉም ጋ ደንበኛው የሚጠይቀው «አዲስ ምን ገባ?» ብሎ ነው፤ ባለቤቱም የሰሞኑን የህንድ፣ የቱርክና የኮሪያ ተከታታይ ይዘረዝራል። እኔ ልጽፍላት የተነሳሁት ቤት ፈረንጅ አራዳ ናት፤ ከዋናው አስፋልት ትንሽ ገባ ብሎ፣ በአንድ ፎቶ ኮፒ ቤትና በአንድ ልብስ ሰፊ መካከል ያለች ጠባብ ክፍል። ስም የላትም። በሯ ላይ «ፊልም፣ መንዙማ፣ መዝሙር እንጭናለን» ይላል፤ ሌላ ጽሑፍ የለም። ውስጧ ሁለት ኮምፒውተር፣ አንድ መደርደሪያ ሙሉ ሃርድ ዲስክ፣ ለደንበኛ መቀመጫ ደግሞ ባለሦስት እግር የጅማ በርጩማዎች አሉ። ይህች ቤት ሌላ ቦታ አይቼው የማላውቀውን አገልግሎት ትሰጣለች፦ ፊልምን በሰው ትፈልጋለች። ያውም መሪ ተዋናዩን ትቶ አጠገቡ የሚቆመውን ሰው ለሚፈልግ ደንበኛ።

ይህ ለምን እንደሚያስፈልገኝ ልናገር። በደርግ ጊዜ በቀበሌያችን የኪነት ቡድን ውስጥ ነበርኩ። ገና ኮረዳ ሳለሁ ነጠላዬን አዘቅዝቄ፣ ወገቤን ጎበጥ አድርጌ የዘማች እናት ሆኜ እወጣ ነበር። ከዚያ አማት ሆንኩ፣ ከዚያ ነገረኛ ጎረቤት፣ ከዚያ የዕድር ዳኛ ሚስት። የዋናዋን ልጅ ሚና አንድም ጊዜ አልያዝኩም፤ አላዘንኩበትምም። በኋላ አስተማሪ ሆንኩና የአማርኛ ትምህርቱንና የድራማ ክበቡን አብሬ ይዤ እስከ ዛሬ አለሁ። በየዓመቱ ሚና ስናከፋፍል ዋናውን ያላገኘው ልጅ ፊቱን ያጠቁራል። «አሽከር ብቻ አደረጉኝ እኮ ቲቸር» ይለኛል። ለእንደዚህ ዓይነት ልጅ ስብከት አይሠራም። ዕድሜውን ሙሉ ከጎን ቆሞ የሠራ፣ በዚያም ሥራው አገር ለአገር የተፈለገ ሰው፣ ከወጣትነቱ እስከ ሽምግልናው ተደርድሮ ሊያይ ይገባዋል።

ነገሩ የተጀመረው «ዞርባ ዘ ግሪክ»ን ጠይቄ ነው። ባለቤቱ እዚሁ ጅማ ኮምፒውተር ያጠና፣ ረጋ ያለ ወጣት ነው። ዞርባን ሲጭንልኝ «ቲቸር፣ ይሄን ከወደዱት ይቺንም ይጨምሩ» ብሎ «ኔቨር ኦን ሰንደይ»ን አከለልኝ። አይቼ ስመለስ የጠየቅኩት ስለ ዋናዋ ተዋናይት ስለ ሜሊና መርኩሪ አልነበረም።

«ልጄ፣ ይሄ ጆርጎ የሆነው ሰውዬ ሌላ ምን ሠርቷል?»

ሌላ ቤት ቢሆን «የቱ ሰውዬ?» ተብዬ እመለስ ነበር። እሱ ፊልሙን ከፈተ፣ የተዋንያን ዝርዝሩ ላይ አቆመው፣ ስሙን ወረቀት ላይ ገለበጠ፦ ቲቶስ ቫንዲስ። «ትንሽ ጊዜ ይስጡኝ ቲቸር፤ የተገኘውን ሁሉ አሰባስቤ እደውልልዎታለሁ» አለኝ። ደወለም።

የተረከብኩት በዓመት ቅደም ተከተል የተደረደረ ፎልደር ነው። በእያንዳንዱ ፋይል መጀመሪያ ዓመቱ፣ ቀጥሎ ርዕሱ በፊደላችን ተጽፏል። ከሁሉ የበለጠብኝ ግን ከፍላሹ ጋር የሰጠኝ በእጁ የጻፈው ወረቀት ነው። ሰውዬው በየፊልሙ ማን ሆኖ እንደሚጫወት፣ ስንተኛው ደቂቃ ላይ እንደሚገባ፣ የቱ ጋ እንደሚወጣ ይናገራል። ረዳት ተዋናይን ለሚከታተል ሰው ይህ ወረቀት ከፊልሞቹ እኩል ዋጋ አለው። አንዳንዱ ፊልም ላይ ሰውዬው የሚታየው ለጥቂት ደቂቃ ብቻ ስለሆነ፣ ዞር ብለህ ቡና ስትቀዳ ያመልጥሃል። ዓመቶቹ ሁሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው፤ እኔም እንደዚያው እጽፋቸዋለሁ።

ወረቀቱ አናት ላይ አጭር ታሪኩ አለ። ቲቶስ ቫንዲስ በ1917 ኒዮ ፋሊሮ ተወለደ፤ የአቴና ወደብ ከሆነችው ከፒሬየስ ወገን ያለ የባሕር ዳር ሠፈር ነው። መነሻው የቲያትር መድረክ ነው። በፌብሩዋሪ 2003 በ85 ዓመቱ አቴና ውስጥ አረፈ። በእነዚህ ሁለት ዓመቶች መካከል ያለውን ነው ፎልደሩ የሚያሳየው።

የመጀመሪያው ፋይል «አስቴሮ» ነው፣ የ1959፣ በዲኖስ ዲሞፑሎስ የተዘጋጀ። ያሠራው ፊኖስ ፊልም ነው። ይህ ድርጅት በ1943፣ አገሪቱ በጀርመንና በአጋሮቿ ጦር ተይዛ ሳለ፣ ፊሎፒሚን ፊኖስ የተባለ ሰው ያቋቋመው ሲሆን ከጦርነቱ በኋላ የግሪክን ሲኒማ በትከሻው የተሸከመ ቤት ነው። ዋናዋ አሊኪ ቩዩክላኪ ናት፤ በዚያ ዘመን ግሪክ ውስጥ ከእሷ የሚበልጥ ኮከብ አልነበረም። ፊልሙ በዚያው ዓመት በርሊን ፌስቲቫል ላይ ቀርቧል። ቫንዲስ የባለ መንጋውን የሚትሮስን ሚና ይዟል፤ ልጁ እቤት ያደገችውን ልጅ እንዳያገባ የሚከለክል አባት። ሰብታይትል የለውም፣ ምስሉም ጭረት የበዛበት ነው። ግን እንዲህ ያለውን አባት እኛ ለማወቅ ትርጉም አያስፈልገንም። ስለ ውርስና ስለ ዘር እያሰበ የልጁን ልብ የሚሰብር ሰው ቋንቋው ሳይገባኝ ከአቋቋሙ ለየሁት። ለተማሪዎቼ ድምፁን ዘግቼ አሳየኋቸውና «ይሄ ሰውዬ ምን እያለ ነው?» አልኳቸው። አብዛኞቹ ነገሩን አገኙት።

«ኔቨር ኦን ሰንደይ» ላይ ግን ረዘም አድርጌ መቆም አለብኝ፤ የፎልደሩ ልብ እሱ ነው። የ1960 ፊልም ነው፣ የተቀረጸውም ፒሬየስ ወደብ ላይ ነው። ጁልስ ዳሲን አዘጋጅቶታል፤ ራሱም ሆሜር የተባለውን አሜሪካዊ ሆኖ ይጫወታል። ዳሲን አሜሪካዊ ሲሆን በኮሚኒስትነት ተፈርጆ ሆሊውድ ሥራ ሲነፈገው ወደ አውሮፓ የተሰደደ ሰው ነው። በፊልሙ ውስጥ ሆሜር የጥንቱ የግሪክ ታላቅነት ለምን እንደጠፋ ሊመረምር ይመጣና የወደቡን ሴተኛ አዳሪ ኢሊያን ያገኛል። ኢሊያ የጥንቶቹን ትራጄዲዎች ትወዳቸዋለች፤ ስትተርካቸው ግን መጨረሻቸውን ትለውጣለች። ሜዲያ ልጆቿን የምትገድልበትን ታሪክ እንኳ ሁሉም ታርቀው ወደ ባሕር ዳር ሄዱ ብላ ትጨርሰዋለች። እኛ ፍቃዱ ተክለማርያም ኤዲፐስን ሲጫወት ሰምተን ያደግን ሰዎች እዚህ ላይ ልባችን ይነካል። የግሪክን ትራጄዲ በአማርኛ ስንሰማው የራሳችን መርዶ መስሎን ነበርና፣ አንዲት የወደብ ሴት «አይሆንም፣ ታርቀዋል» ስትል ምን ያህል ድፍረት እንደሆነ ይገባናል።

በዚህ ፊልም የሽልማቱ ብርሃን በሙሉ ያረፈው በሌሎች ላይ ነው። ሜሊና መርኩሪ በካን የምርጥ ተዋናይት ሽልማት ወሰደች፣ የማኖስ ሃጂዳኪስ ዘፈን ኦስካር አገኘ። ጆርጎ በኢሊያ ዙሪያ ካሉት ወንዶች አንዱ ነው። ይሁን እንጂ ፊልሙን ሁለተኛ ጊዜ የሚያይ ሰው ዓይኑን ከሜሊና ላይ አንስቶ እሱ ላይ ያሳርፍ። እሷ ስታወራ እሱ ያዳምጣል። ማዳመጥ ለተዋናይ ከባዱ ነገር ነው። የኛ ልጆች የራሳቸውን ንግግር ከጨረሱ በኋላ እጃቸውን የት እንደሚያደርጉት ይጠፋቸዋል፤ ቀጣዩ ቃላቸው እስኪደርስ ዓይናቸው ወደ ተመልካቹ ይሄዳል። ቫንዲስ ግን ምንም በማይናገርበት ጊዜ ሁሉ እዚያው ነው። ይስቃል፣ ይታዘባል፣ ሆሜር የማይረባ ጥያቄ ሲጠይቅ ታግሶ ያየዋል። ያ ወደብ የእውነት ወደብ የሚመስለው እሱንና መሰሎቹን ስላስቀመጡበት ነው። የተወለደውም እዚያው ሠፈር መሆኑን ሳስብ፣ በዚህ ፊልም ውስጥ ሰውዬው አገሩ ላይ የቆመ ነው እላለሁ። የዚህኛው ፋይል ጥራት በጣም ጥሩ ነው፤ ሰብታይትሉም ከንግግሩ ጋር እኩል ይሄዳል።

«ቶፕካፒ» የ1964 ነው፣ በቀለም የተሠራ፤ አሁንም የዳሲን። ኢስታንቡል ካለው ቤተ መዘክር በከበረ ድንጋይ ያጌጠ ጩቤ ሊሰርቁ የሚያሴሩ ሰዎች ታሪክ ነው። ፒተር ኡስቲኖቭ በዚህ ፊልም የረዳት ተዋናይ ኦስካር ወስዷል። ቫንዲስ ሃርባክ የተባለውን ሰው ሆኖ ለጥቂት ጊዜ ብቅ ይላል። በትወናው ብዙ የሚባል ነገር የለም። ግን አንድ ቁም ነገር አለው፦ ዳሲን ሜሊናን ይዞ ሲሄድ ቫንዲስንም ይዞት ሄዷል። አዘጋጅ አንዴ ያመነውን ረዳት ተዋናይ አይለቅም፤ የረዳት ተዋናይ እንጀራም በአብዛኛው የሚጋገረው በዚህ እምነት ነው።

ቀጥሎ ፎልደሩ ውስጥ ባዶ ቦታ አለ፣ ወረቀቱ ላይ ግን ተሞልቷል። ባለቤቱ ፊልም ያልሆነውንም ጽፎልኛል፤ ይህን ማድረግ አይጠበቅበትም ነበር። በኦክቶበር 1965 ቫንዲስ ኒው ዮርክ ብሮድዌይ ላይ፣ ማርክ ሄሊንገር ቲያትር ውስጥ፣ «ኦን ኤ ክሊር ደይ ዩ ካን ሲ ፎርኤቨር» በተባለ ሙዚቃዊ ቲያትር የግሪክ ባለ መርከብ ከበርቴ ሆኖ ተጫወተ። በዚያው መድረክ በኤፕሪል 11 ቀን 1967 ደግሞ «ኢሊያ ዳርሊንግ» ተከፈተ፤ የ«ኔቨር ኦን ሰንደይ» ታሪክ በሙዚቃ ተሠርቶ ማለት ነው። ሜሊና ኢሊያን ሆነች፣ ቫንዲስም እንደገና ጆርጎን። በፊልሙ የነበረችው ዴስፖ ዲያማንቲዱም አብራቸው ነበረች። ልክ በ10ኛው ቀን፣ ኤፕሪል 21፣ አቴና ውስጥ መኮንኖች በመፈንቅለ መንግሥት ሥልጣን ያዙ። እነዚህ ሰዎች አሜሪካ መድረክ ላይ ስለ ፒሬየስ እየዘፈኑ ፒሬየስ በታንክ ሥር ገባች። ሜሊና ወታደሮቹን በአደባባይ በመቃወሟ በዚያው ዓመት ዜግነቷን ገፈፏት። ወታደራዊው አገዛዝ እስከ ጁላይ 1974 ቆየ፤ ከዚያ በኋላ አገሯ ገብታ በ1981 የባህል ሚኒስትር ሆነች።

ይህን ስጽፍ ዝም ብዬ ማለፍ አልቻልኩም። ጁላይ 1974 በኛ ሐምሌ 1966 ነው። እዚያ ወታደሮቹ ሲወርዱ እዚህ ወታደሮቹ እየወጡ ነበር፤ መስከረም 2 ቀን 1967 ንጉሡ ወረዱ። የኛም ተዋንያን ከዚያ በኋላ በየአገሩ ተበትነዋል። ባዕድ አገር ውስጥ በማያውቁት ቋንቋ ትንሽ ሚና የያዘ ተዋናይ ምን እንደሚሰማው ለሚያስብ ሰው፣ የፎልደሩ ሁለተኛ ክፍል ሌላ ሆኖ ይታየዋል።

ሁለተኛው ክፍል አሜሪካ ነው። የ1972ቱ የውዲ አለን ኮሜዲ ለተማሪ የሚሆን አይደለም፤ ርዕሱን እንኳ እዚህ አልጽፈውም፣ ባለቤቱም «ይሄን ለብቻዎ ይዩት ቲቸር» ብሎ ምልክት አድርጎበታል። ምስጋና ይግባው። ታሪኩ እጅግ የማይሆን ነገር ነው፦ አንድ የአርመን እረኛ በግ አፍቅሮ ዶክተር ጋ ይመጣል። እረኛው ቫንዲስ ነው፤ የማደንቀው አንድም ቦታ ላይ አለመቀለዱን ነው። ፍቅሩን ሲናገር ልጁን እንደቀበረ አባት ከልቡ ይናገራል። ተመልካች የሚስቀውም በዚያ ምክንያት ነው። እኛ ጋ ኮሜዲ ሲሠራ ተዋናዩ ራሱ ቀድሞ ይስቃል፤ ፊቱን ያጣምማል፣ ድምፁን ያቀጥናል። የድራማ ክበብ ለምትመሩ አስተማሪዎች ይህን ክፍል ለራሳችሁ እንድታዩት እመክራለሁ።

«ዘ ኤክሶርሲስት» የ1973 ነው። ብዙ ሰው የሚያውቀው በሚያስፈራው ነገሩ ነው፤ እኔም ጠበል ቦታ ያየሁትን እያስታወሰኝ ሌሊቱን እንቅልፍ ነስቶኛል። ግን ወረቀቱ ላይ የተጻፈው ደቂቃ የሚወስደው ወደ ሆስፒታሉ ነው። ቄሱ ካራስ የግሪክ ስደተኞች ልጅ ነው፣ ጄሰን ሚለር ይጫወተዋል። እናቱ ታማ የአእምሮ ሕሙማን ሆስፒታል ገብታለች፤ ቫንዲስ አጎቱ ሆኖ ሊያነጋግረው ይመጣል። ቄስ ባትሆን ኖሮ ዛሬ ስመ ጥር ሐኪም ትሆን ነበር፣ እናትህም በተሻለ ቤት ትኖር ነበር ይለዋል። ቁጣ የለበትም። ገንዘብ የሌለው ዘመድ፣ ገንዘብ ሊኖረው ይችል የነበረ ዘመዱን የሚወቅሰው ወቀሳ ነው። ይህን ንግግር በየቤታችን በለቅሶ ላይ ያልሰማ ማን አለ? ከዚያ በኋላ ቄሱ ተሸክሞት የሚዞረው ጸጸት በሙሉ የሚነሳው ከዚህች አጭር ንግግር ነው። አጎቱ ባይመጣ ኖሮ የቄሱ ጸጸት ከየት እንደመጣ ባልገባን ነበር። እናቲቱን የሆነችው ቫሲሊኪ ማሊያሮስ ፊልም ተጫውታ የማታውቅ አሮጊት ነበረች፤ እሷን ካየሁ በኋላ ተዋናዩ አጎት ከተዋናይነት ይልቅ ዘመድ ሊመስል ምን ያህል ድምፁን ዝቅ እንዳደረገ ገባኝ። ለልጆቹ ያሳየኋቸው ይህችን ክፍል ብቻ ነው፤ ፊልሙን በሙሉ ለልጅ አላሳይም።

«ኦ ጎድ!» የ1977 ነው፣ የግሪክ ጳጳስ ሆኖ ይገባል። ልብሱ ያምራል፣ ሚናው ቀላል ነው፤ እሱን ብቻ ብላችሁ አትክፈቱት።

ከአሜሪካዎቹ ሁሉ የምመርጠው የሮበርት አልትማንን «ኤ ፐርፌክት ከፕል» ነው፣ የ1979። ፖል ዱሊ የሚጫወተው አሌክስ ሎስ አንጀለስ ውስጥ በአንድ የግሪክ ቤተሰብ ጣሪያ ሥር፣ ትልቅ ሰው ሆኖም በአባቱ ፈቃድ የሚኖር ሰው ነው። ከአንዲት የሮክ ዘፋኝ ጋር ይፋቀራል። አባትዬው ፓኖስ ቫንዲስ ነው፤ ክላሲካል ሙዚቃ የሚያመልክ፣ ቤቱን እንደ ግቢ የሚገዛ አባወራ። ከ20 ዓመት በፊት «አስቴሮ» ላይ ልጁን የከለከለው ባለ መንጋ ያለ መንጋ፣ ሌላ አገር ውስጥ፣ አርጅቶ የመጣ ይመስላል። ሁለቱን ፊልሞች በተከታታይ ቀናት ማየት የቻልኩት ፎልደሩ በዓመት ስለተደረደረ ነው። በወጣትነቱ አባትነቱን በጉልበት ይጫወተው ነበር፤ በሽምግልናው በዝምታ ይጫወተዋል። ልጁን ሲያስፈራራው ድምፁን እንኳ አያነሳም። ይህን ለውጥ በአንድ ፊልም ማየት አይቻልም፤ የአንድን ሰው ሥራ በተርታ ማየት የሚጠቅመው ለዚህ ነው፣ የዚህች ቤት አገልግሎትም ዋጋ የሚያወጣው እዚህ ላይ ነው።

ባለቤቱ ያልጠየቅኩትን ነገር በሌላ ፎልደር ጨምሮልኛል። «ሌሎች የግሪክ ፊቶች» ብሎታል። ታናሲስ ቬንጎስ ትልቁን ቦታ ይዟል። ይህ ሰው ከአዘጋጁ ከኒኮስ ኩንዱሮስ ጋር የተዋወቀው የፖለቲካ እስረኞች ይጋዙባት በነበረችው ማክሮኒሶስ ደሴት ነው። ኩንዱሮስ በ1954 የመጀመሪያ ፊልሙን ሲሠራ ትንሽ ሚና ሰጠው። ቬንጎስ ከዚያ ተነስቶ ግሪክ እጅግ የምትወደው ኮሜዲያን ሆነ። በ1995 ግን፣ ሸምግሎ፣ በቴዎ አንጌሎፑሎስ ፊልም ውስጥ በበረዶ መንገድ ላይ የሚነዳ ባለ ታክሲ ሆኖ ለጥቂት ጊዜ ታየ። በስሙ ሕዝብ ሲኒማ ቤት ያጥለቀለቀ ሰው ወደ ትንሽ ሚና በደስታ ሲመለስ ማየት ለተማሪዎቼ ከምንም በላይ ሠራ። ዲዮኒሲስ ፓፓያኖፑሎስም አለ፤ ከመቶ በላይ ፊልሞች ውስጥ ቁጡውን ሽማግሌ የተጫወተ። ካለፈ በኋላ ለእይታ የበቃው ሥራው የአንጌሎፑሎስ የ1984ቱ ፊልም ነው፣ በካን ለስክሪፕቱ የተሸለመው። እሱ በዚያው ዓመት በኤፕሪል ሞተ፣ ዋናውን ሽማግሌ የተጫወተው ማኖስ ካትራኪስም በሴፕቴምበር ተከተለው። ሁለቱ አዛውንቶች ፊት ለፊት የቆሙበትን ቦታ ይህን አውቆ ማየት ከባድ ነው።

አሁን ጉድለቱን ልናገር። ሰብታይትሉ በሙሉ እንግሊዝኛ ነው፤ ለዘጠነኛ ክፍል ልጅ እየቆምኩ መተርጎም ነበረብኝ። «ቶፕካፒ» ላይ ድምፁ ከአፋቸው ኋላ ይቀራል፤ ስነግረው በሌላ ቅጂ ቀይሮልኛል፣ ገንዘብም አልጠየቀኝም። ፍለጋው ጊዜ ይወስዳል። ኢንተርኔቱ ሲዘገይና መብራት ሲጠፋ ቀኑ ይገፋል፤ ክረምት ላይ ካዘዛችሁ ትዕግሥት ይኑራችሁ። ቤቷ ጠባብ ስለሆነች ከሰዓት በኋላ የዩኒቨርሲቲ ልጆች ሲሞሉባት መቀመጫም አየርም የለም። አርብ በጁምዓ ሰላት ሰዓት ዝግ ነው።

ዋጋው ለተራ ፊልም እንደ ማንኛውም ቤት ነው። በሰው ለሚደረግ ፍለጋ እኔን 150 ብር አስከፍሎኛል፤ ወረቀቱን በነጻ ሰጠኝ። ወረቀቱን ለብቻው ቢያስከፍልበት ደስ ብሎኝ እከፍላለሁ፤ ነግሬዋለሁም። ስለ ባለ መብቶቹ ጉዳይ የሚጨነቅ አንባቢ እንዳለ አውቃለሁ፣ እኔም እጨነቃለሁ። ይህ ቤት ሲኒማ ላይ ያለ የአገራችንን ፊልም አይጭንም፤ አንድ ልጅ ፊቴ ጠይቆት «ወንድሜ፣ ሲኒማ ሄደህ እይ» ብሎ ሲመልሰው ሰምቻለሁ። የድሮዎቹ የውጭ ፊልሞች ግን ጅማ ውስጥ በገንዘብ የሚገዙበት መደብር የለም። በግልጽ የሚሸጥ ቢኖር ከዚያ እገዛ ነበር።

ለመሄድ የምታስቡ ባዶ የሆነ፣ ቢያንስ 64 ጊጋ የሚይዝ ፍላሽ ያዙ፤ ቫይረስ ያለበትን ኮምፒውተሩ ላይ አይሰካም። የምትፈልጉትን ሰው ስም ካላወቃችሁ የፊልሙን ርዕስና ሰውዬው የሚታይበትን ቦታ ንገሩት፤ ስሙን ራሱ ያገኘዋል። ከአጋሮና ከሊሙ የምትመጡ በስልክ አስቀድማችሁ ብታዙ ሁለት ጊዜ ከመመላለስ ትድናላችሁ። እኔ ዴስፖ ዲያማንቲዱን አዝዣለሁ፤ «ኔቨር ኦን ሰንደይ» ላይ ካየኋት ጀምሮ ከሐሳቤ አልወጣችም። በ1975 በውዲ አለን «ላቭ ኤንድ ዴዝ» ውስጥ እናት ሆና የተጫወተችውን ቀድሞ አግኝቶታል፣ የግሪኮቹን እየፈለገ ነው።